«አፋጥኖ ይወስን» የሚል ትእዛዝ መቼ ይሠራል? በሐዋሳ የተጓተተ አንድ የውርስ ክፍፍል መዝገብ

ክርክሩ የተነሣበት ንብረት ሐዋሳ ታቦር ክፍለ ከተማ የሚገኝ አንድ ግቢ ነው። ከኋላ መኖሪያ ቤት አለ፤ ከፊት መንገዱን ይዘው የተሠሩ አምስት ሱቆች አሉ። እናት ሲያርፉ አራት ልጆቻቸው በአንድ መዝገብ የወራሽነት ማስረጃ አወጡ። ኑዛዜ የለም፤ ወራሽነቱን የካደም የለም። ታላቅ ወንድም ቀድሞም ግቢው ውስጥ ይኖሩ ስለነበር እዚያው ቀሩ፣ ሱቆቹንም እያከራዩ ኪራዩን መሰብሰብ ቀጠሉ። እያንዳንዱ ሱቅ በወር 4,000 ብር ይከራያል፤ የአምስቱ ድምር በወር 20,000፣ በዓመት 240,000 ብር ነው። በእኩል ቢካፈል ለአንድ ወራሽ በዓመት 60,000 ብር ይደርሰዋል። ለሦስቱ ግን አልደረሰም። (የባለጉዳዮቹ ማንነት እንዳይታወቅ የዚህ መዝገብ ዝርዝር ከተመሳሳይ መዝገቦች ጋር ተዋህዶ ቀርቧል፤ ቁጥሮቹም በዚያው መንገድ የተስተካከሉ ናቸው።)

ሽማግሌ ገብቶ ሳይሆን ሲቀር ታናሽ እህት በከተማው ከሚገኙ የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤቶች በአንዱ ክስ መሠረቱ። 1ኛ ተከሳሽ ታላቅ ወንድም ናቸው። ሻሸመኔ የሚኖሩት እህት 2ኛ፣ ሐዋሳ ያሉት ሌላው ወንድም 3ኛ ተከሳሽ ሆኑ፤ እነዚህ ሁለቱ የተከሰሱት ድርሻቸው በአንድ ላይ እንዲወሰን እንጂ ከከሳሽ ጋር ጠብ ኖሯቸው አይደለም። ከሳሽ የጠየቁት ግቢው በዓይነት እንዲከፈል፣ የማይቻል ከሆነ ተሸጦ ገንዘቡ እንዲከፋፈልና ያለፈው ኪራይ ድርሻቸው እንዲከፈላቸው ነው። ከክሱ ጋር በቃለ መሐላ የተደገፈ አንድ ተጨማሪ አቤቱታም አያይዘዋል፦ ክርክሩ እስኪያልቅ ኪራዩ በፍርድ ቤት ዝግ ሒሳብ፣ ማለትም ያለ ፍርድ ቤቱ ትእዛዝ ገንዘብ በማይወጣበት ሒሳብ፣ ይቀመጥ። ይህ የአንድ ገጽ አቤቱታ ይፈቀድም አይፈቀድም ሳይባል አራት ዓመት መዝገቡ ውስጥ ተቀመጠ። የመዝገቡን መጓተት ለመረዳት መነሣት ያለብን ከዚህ ወረቀት ነው።

ሃያ ስድስት ቀጠሮ የት ሄደ

ክሱ ሲከፈት ሲዳማ ገና ዞን ነበር። የሥር ፍርድ ቤት የመጀመሪያውን ብይን እስኪሰጥ ድረስ መዝገቡ 26 ጊዜ ተቀጥሯል። የትእዛዝ ወረቀቱ እየተገለጠ የየቀጠሮው ምክንያት ሲለቀም እንዲህ ይወጣል፦ 8 ጊዜ ከይዞታ አስተዳደር የታዘዘ ማስረጃ ባለመቅረቡ፣ 5 ጊዜ መጥሪያ ባለመድረሱ፣ 5 ጊዜ ዳኛ ባለመኖሩ ወይም በመዛወሩ፣ 3 ጊዜ የምስክሮች ቃል ተገልብጦ ባለመያያዙ፣ 3 ጊዜ በተከራካሪ ወይም በጠበቃ ጥያቄ፣ 2 ጊዜ መዝገቡን ለመመርመር።

የተጓተተ መዝገብ ሲነሣ ሁሉም ጣቱን የሚቀስረው ጠበቃ ላይ ነው። እዚህ ግን የጠበቆች ድርሻ ከ26ቱ 3 ብቻ ነው። 1ኛ ተከሳሽ ቀጠሮ ያስረዝሙልኝ ብለው አልተማጠኑም፤ ያደረጉት ዝም ማለት ነው። ዝምታቸውም በወር 20,000 ብር ያስገኝላቸው ነበር።

የማስረጃው ነገር በዝርዝር መታየት ያለበት ነው። የመጀመሪያው የፍርድ ቤት ደብዳቤ «ስለ ቤቱ ያለው ማስረጃ ተጣርቶ እንዲላክ» ይላል። የካርታ ቁጥር አልተጠቀሰም፤ ነባሩ የቀበሌ ቤት ቁጥርም የለም፤ ምን እንደተፈለገ አይታወቅም። ከሁለት ወር በኋላ የመጣው መልስ የተጠየቀው ግልጽ አይደለም የሚል ነው። ሁለተኛው ደብዳቤ የካርታ ቁጥር ይዞ ወጣ፤ መልሱ ስለ ይዞታው ስፋት ብቻ ሆነ፤ ሱቆቹ በፈቃድ የተሠሩ መሆናቸውን የሚያውቀው ሌላ ክፍል ነውና። ሦስተኛው ለሌላው ክፍል ተጻፈ፤ የመጣው ማኅተም የሌለው ኮፒ ስለነበር ተቀባይነት አጣ። እንዲህ እያለ ስምንት ደረሰ። በየመሐሉ የትእዛዝ ወረቀቱ ላይ የሚሰፍረው ያው ነው፦ የታዘዘው ማስረጃ ስላልቀረበ በድጋሚ ይጻፍ። የቀደመው ደብዳቤ ለምን መልስ እንዳጣ የሚጠይቅ አንድም ትእዛዝ የለም። በዚያ ላይ ደብዳቤው ተፈርሞ ወጪ የሚሆነው ቀጠሮው አንድ ሳምንት ሲቀረው ነበር። ከሳሽ ከመዝገብ ቤት ተቀብለው እስኪያደርሱ፣ መሥሪያ ቤቱ ገቢ አድርጎ ለባለሙያ እስኪመራው ቀጠሮው ያልፋል።

በመጥሪያው በኩል ጥፋቱ በአብዛኛው የከሳሽ ወገን ነው። 2ኛ ተከሳሽ ሻሸመኔ ናቸው፤ ሻሸመኔ ቅርብ ብትሆንም ኦሮሚያ ክልል ናት። የመጀመሪያው መጥሪያ በከሳሽ በኩል ይድረስ ተብሎ ተሰጠ፤ ከሳሽ አላገኘኋቸውም ብለው በቃል ተናግረው ተመለሱ። በቃል የተባለ ነገር ለችሎቱ ምንም አይጠቅመውም። መቼ፣ የት፣ ከማን ጋር እንደተሞከረ የሚገልጽ ቃለ መሐላ ቢቀርብ ኖሮ በፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 105 መሠረት በሌላ መንገድ፣ ማለትም በማስታወቂያ በመለጠፍ ወይም በጋዜጣ፣ እንዲደርስ ሁለተኛው ቀጠሮ ላይ ማዘዝ ይቻል ነበር። ቃለ መሐላው የቀረበው በአራተኛው ነው።

ዳኛ ባለመኖሩ የባከኑት አምስቱ ቀጠሮዎች ከዘመኑ ጋር የተያያዙ ናቸው። ሕዝበ ውሳኔው ኅዳር 10 ቀን 2012 ተካሄደ፤ መጋቢት ላይ ኮሮና መጥቶ ፍርድ ቤቶች በከፊል ተዘጉ፤ ሰኔ 2012 ሲዳማ ክልል ሆኖ ሥልጣን ተረከበ፤ የፍርድ ቤቱ መዋቅርም በአዲሱ ክልል ሥር ተደራጀ። መዝገቡን የያዙት ዳኛ በዚህ መሐል ተዛወሩ። አዲሱ ዳኛ ምስክሮቹን አልሰሙም፤ ሊመሩ የሚችሉት በተጻፈው ቃል ነው፤ ቃሉ ደግሞ በድምፅ መቅጃ እንጂ በወረቀት ላይ አልነበረም። ሦስቱ የግልበጣ ቀጠሮዎች የመጡት ከዚህ ነው። ቃሉ በተሰማ ሳምንት ተገልብጦ ቢያያዝ የዳኛው መዛወር አንድ ቀጠሮ ቢያስወጣ ነው።

ወደ በላይ የተደረጉት ሁለት ሙከራዎች

ከሳሽ መጀመሪያ ያደረጉት ብዙ ባለጉዳይ የሚያደርገውን ነው፤ በቀጠሮው ላይ ይግባኝ አሉ። ይግባኙ በመዝገብ ቤት አልፎ ችሎት ቢደርስም ተጠሪ ሳይጠራ ተዘጋ። ምክንያቱ የሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 320(3) ነው። ድንጋጌው በክርክር መሐል በሚሰጡ ትእዛዞች ላይ ይግባኝ እንደማይባል ሲደነግግ በምሳሌነት ከሚጠቅሳቸው አንዱ የቀጠሮ ትእዛዝ ነው። ቅሬታው የሚነሣው በመጨረሻው ፍርድ ላይ ይግባኝ ሲባል፣ ከሌሎች የይግባኝ ምክንያቶች ጋር ተያይዞ ነው። የሕግ አውጪው ሐሳብ ግልጽ ነው፤ በየቀጠሮው ይግባኝ ቢፈቀድ መጓተቱ በእጥፍ ይጨምራል። ውጤቱ ግን፣ ፍርድ ባለመስጠት የሚጎዳ ሰው ፍርድ እስኪሰጥ ድረስ የበላይ ችሎት አይሰማውም ማለት ነው።

ሁለተኛው ሙከራ በአስተዳደር በኩል የሄደ ነው። አቤቱታው ለከፍተኛ ፍርድ ቤቱ ፕሬዚዳንት ቀርቦ ወደ ኢንስፔክሽን፣ ማለትም የመዝገቦችን አያያዝ ወደሚቆጣጠረው የፍርድ ቤቱ ክፍል፣ ተመራ፤ ኢንስፔክሽንም መዝገቡን አስቀርቦ በማየት በቅርብ ቀጠሮ እንዲታይ ለሥር ፍርድ ቤቱ ጻፈ። እዚህ ላይ መታለፍ የሌለበት ወሰን አለ። የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 79 ዳኛ ከሕግ በስተቀር በማንም እንደማይመራ ስለሚደነግግ፣ አስተዳደሩ መጠየቅ የሚችለው መዝገቡ ለምን ያህል ጊዜ፣ በምን ምክንያት እንደተቀመጠ ነው። እንዴት ይወሰን የሚለው አይመለከተውም። ደብዳቤው ይህን ወሰን ጠብቋል፤ በዚህ አይወቀስም።

ጉድለቱ ሌላ ነው። ሁለት ወር ርቆ የነበረው ቀጠሮ ወደ ሦስት ሳምንት መጣ። በሦስት ሳምንት ውስጥ ግን የይዞታው ማስረጃ ሊመጣ አይችልም፤ ደብዳቤው ገና አልተፈረመም። ቀኑ ደረሰ፣ ማስረጃው አልደረሰም፣ እንደገና ተቀጠረ። ቀጠሮ ማቅረብና ሥራ ማቅረብ የተለያዩ ናቸው። ኢንስፔክሽኑ መዝገቡን ሲያይ የቆጠረው ወራቱን ነው፤ ስምንቱን ደብዳቤ ጎን ለጎን አስቀምጦ ቢያነብ ኖሮ የተቀረቀረበትን ቦታ በግማሽ ሰዓት ያገኘው ነበር።

ሕንዶቹ ምን አደረጉ

የበላይ ፍርድ ቤት የሥር ፍርድ ቤትን አፋጥነህ ወስን ማለት ይችላል ወይ የሚለው ጥያቄ እኛን ብቻ የገጠመ አይደለም። የእኛ የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ብዙ ድንጋጌዎቹን የወሰደው እ.ኤ.አ. በ1908 ከወጣው የሕንድ ሕግ ስለሆነ ንጽጽሩ ባዳ አይሆንም። ልዩነቱ ያለው በሕገ መንግሥታቸው ነው። አንቀጽ 227 የክልሎቹ ከፍተኛ ፍርድ ቤቶች በሥራቸው ባሉ ችሎቶች ላይ አጠቃላይ የበላይ ጠባቂነት ይሰጣቸዋል፤ በዚህ መሠረት የሥር ፍርድ ቤት አንድን መዝገብ በስድስት ወር ወይም በአንድ ዓመት ውስጥ እንዲወስን ማዘዝ የተለመደ ነው። እኛ ዘንድ ቁጥር 320(3) የዘጋውን በር እነሱ በዚህ ከፍተውታል።

የሕንድ ጠቅላይ ፍርድ ቤት እ.ኤ.አ. ኦክቶበር 20 ቀን 2023 የወሰነው መዝገብ በ1982 የተከፈተ ክስ ነበር። ፍርድ ቤቱ ይህን መነሻ አድርጎ ለሥር ፍርድ ቤቶች ዝርዝር መመሪያ አወጣ፦ መጥሪያ በሕጉ ጊዜ ይድረስ፣ መከላከያ መልስ ቢቻል በ30 ቀን ይቅረብ፣ የምስክር መስሚያ ቀን ከጠበቆች ጋር ተመክሮበት ይወሰን፣ ከተጀመረ በኋላ በተከታታይ ቀን ይሰማ፣ ከአምስት ዓመት በላይ የቆዩ መዝገቦችን የሚከታተል ኮሚቴ ቢያንስ በሁለት ወር አንድ ጊዜ ይሰብሰብ። ጊዜውን በየእርከኑ ከፋፍሎ ማሰሩ ጠንካራ ጎኑ ነው።

ይሁንና ብዙም ሳይቆይ፣ እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 29 ቀን 2024፣ የዚያው ፍርድ ቤት አምስት ዳኞች የተሰየሙበት ችሎት ማሳሰቢያ አስቀመጠ። የበላይ ፍርድ ቤቶች በሌላ ፍርድ ቤት ላለ መዝገብ የጊዜ ገደብ ከመወሰን በመደበኛው ሁኔታ ይቆጠቡ፤ ልዩ ምክንያት ሲኖር ብቻ ያድርጉት፤ የትኛው መዝገብ ይቅደም የሚለውን የሚያውቀው መዝገቡ ያለበት ፍርድ ቤት ነው አለ። ይህ ለእኛም ይሠራል። አንድ ዳኛ ጠረጴዛ ላይ ብዙ መዝገብ ተደርድሮ ሳለ አንዱን ከላይ በመጣ ትእዛዝ ማስቀደም ሌላውን ወደ ኋላ መግፋት ነው። ወደ ኋላ የሚገፋው ደግሞ ብዙውን ጊዜ ጠበቃ ማቆም ያልቻለ፣ ይግባኝ መባል እንደሚቻል የማያውቅ ሰው ነው።

በአገራችንም በፌዴራል ደረጃ አዋጅ ቁጥር 1234/2013 የጉዳዮች ፍሰት አስተዳደርን፣ ማለትም መዝገብ ከተከፈተ እስኪወሰን በየእርከኑ የሚመራበትን አሠራር፣ የሥራው አካል አድርጎታል። አዋጁ ግን የፌዴራል ፍርድ ቤቶች ነው፤ ሐዋሳ ውስጥ በክልል ፍርድ ቤት ላለ የውርስ መዝገብ በቀጥታ አይጠቀስም። ለክልሉ መዝገብ የሚሠራው የሥነ ሥርዓት ሕጉ ነው፤ እሱም ቢሆን ስለ ቀጠሮ ከቁጥር 197 ጀምሮ የሚደነግጋቸው አንቀጾች ቀጠሮ ያለ በቂ ምክንያት እንዳይሰጥ፣ ጊዜ ተሰጥቶት ያልፈጸመ ወገን ቢኖርም ክርክሩ እንዲቀጥል የሚያስችሉ ናቸው። በዚህ መዝገብ 26 ጊዜ ሲቀጠር አንድም ጊዜ አልተጠቀሱም።

መሸነፍ የከፈተው በር

1ኛ ተከሳሽ በመከላከያ መልሳቸው የይርጋ መቃወሚያ አንሥተው ነበር፦ በፍትሐ ብሔር ሕጉ ቁጥር 1000 የተመለከተው የ3 ዓመት ጊዜ አልፏል የሚል። በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 244 እና 245 አካሄድ እንዲህ ያለው የመጀመሪያ ደረጃ መቃወሚያ ወደ ፍሬ ነገሩ ሳይገባ ብይን ሊሰጥበት ይገባል። የሥር ፍርድ ቤት ግን ከፍሬ ነገሩ ጋር አብሮ ይታያል ብሎ አሳደረው። ይህ በየችሎቱ የተለመደ ነገር ነው፤ ያን ቀን ሥራ ያቀላል፣ በኋላ ግን ያስከፍላል። ከአራት ዓመት ቀጠሮ በኋላ፣ የኢንስፔክሽኑ ደብዳቤ ከመጣ በኋላ ባለው ጊዜ፣ ፍርድ ቤቱ ወደዚያ መቃወሚያ ተመልሶ ክሱ በይርጋ ታግዷል በማለት መዝገቡን ዘጋ።

ደብዳቤው ብይኑን አመጣው ለማለት ማስረጃ የለም። ነገር ግን አፋጥኑ የሚል ግፊት ሲመጣ ለመዝጊያ የሚቀርበው መንገድ ይርጋ፣ ሥልጣን፣ የክስ ምክንያት ማጣት የሚሉት እንደሆኑ ችሎት የሚውል ሁሉ ያውቀዋል። የዳኛ ሥራ በዘጋው መዝገብ ቁጥር ሲመዘን ደግሞ ግፊቱ ይበረታል፤ አምስት ምስክርና አንድ መሐንዲስ የሚፈልግ የክፍፍል መዝገብም፣ በአንድ ቀጠሮ የሚያልቅ የብድር መዝገብም በሪፖርቱ ላይ እኩል አንድ ናቸው።

ለከሳሽ ግን ይህ ሽንፈት መፍትሔ ይዞ መጣ። መዝገቡ ስለተዘጋ የመጨረሻ ውሳኔ ሆነ፤ የመጨረሻ ውሳኔ ሲሆን ቁጥር 320(3) አይከለክልም። በ60 ቀን ውስጥ ይግባኙ ቀረበ። ይግባኙን ያዘጋጁት ጠበቃ ብልህነት ያሳዩት ይርጋውን ከመከራከር ባለፈ ነው፦ የ26ቱን ቀጠሮ ቀን፣ ምክንያትና የትእዛዝ ገጽ በአንድ ሠንጠረዥ አያያዙ፤ ሳይወሰንበት የቀረውን የኪራይ አቤቱታም ራሱን የቻለ የይግባኝ ምክንያት አደረጉት። ችሎቱ ስለ መጓተቱ ያነበበው ከእሮሮ ሳይሆን ከሠንጠረዥ ነው።

ከፍተኛ ፍርድ ቤቱ ግራ ቀኙን ሰምቶ ብይኑን ሻረ። ወራሽነታቸው ያልተካደ ሰዎች በጋራ ያላቸውን ንብረት እንካፈል ሲሉ፣ አንዱ በእጁ ስለያዘው ብቻ በቁጥር 1000 የ3 ዓመት ይርጋ አይዘጋም የሚለውን የከሳሽ ክርክር ተቀበለ። ጉዳዩንም በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 341(1) መሠረት ወደ ሥር ፍርድ ቤት መለሰ። አብዛኛው የመመለሻ ፍርድ እዚህ ላይ፣ ክርክሩን ሰምቶ አፋጥኖ ይወስን በሚል ያበቃል። ይህኛው አምስት ነገሮችን ለይቶ ቀጠለ።

አንደኛ፣ የኪራዩ አቤቱታ መዝገቡ በተንቀሳቀሰበት የመጀመሪያ ቀጠሮ ይፈቀድ ወይም አይፈቀድ ተብሎ በጽሑፍ ብይን ይሰጥበት። ይፈቀድ አላለም፤ ይወሰንበት ነው ያለው፣ ልዩነቱ የሥር ዳኛውን ነጻነት የጠበቀ ነው። ሁለተኛ፣ ለይዞታ አስተዳደሩ የሚጻፈው ደብዳቤ የካርታውን ቁጥር ይዞ አራት ጥያቄ ብቻ ይጠይቅ፦ በማን ስም ተመዝግቧል፣ ስፋቱ ስንት ነው፣ ሱቆቹ የግንባታ ፈቃድ አላቸው ወይ፣ ዕዳ ወይም እግድ አለበት ወይ። መልሱ በተቆረጠው ቀን ካልመጣ የሚመለከተው ኃላፊ ዋናውን ማኅደር ይዘው በአካል ይቅረቡ። ሦስተኛ፣ መሐንዲስ ሲታዘዝ ግቢው በከተማው ዝቅተኛ የቦታ ስፋት መለኪያ ለአራት መከፈል ይችል እንደሆነና ዋጋው ስንት እንደሆነ በአንድ ሪፖርት ያቅርብ፤ ለሁለት ጊዜ አይላክ። አራተኛ፣ የተሰሙ ምስክሮች እንደገና አይሰሙ፤ የቀሩት በሁለት ተከታታይ ቀናት ይሰሙ፣ ቃላቸውም ተገልብጦ ከቀጣዩ ቀጠሮ በፊት ይያያዝ። አምስተኛ፣ የፍርዱ ግልባጭ ለኢንስፔክሽን ክፍሉ ይድረስ።

በስድስት ወር ውስጥ ይወሰን የሚል ቃል ውስጡ የለም። ባይኖርም አልጎደለበትም። ቀኑን የሚበላው የትኛው ሥራ እንደሆነ ከታወቀና ለሥራው ባለቤት ከተሰጠው፣ ገደቡ ከዚያው ይወጣል።

ከተመለሰ በኋላ

የመጀመሪያው መዘግየት የመጣው ከከሳሽ ነው። የተመለሰ መዝገብ በራሱ ችሎት አይቀርብም። የይግባኙን ፍርድ ትክክለኛ ግልባጭ አውጥቶ፣ የተዘጋው መዝገብ እንዲንቀሳቀስ ማመልከቻ ጽፎ ለሥር ፍርድ ቤቱ ሬጅስትራር ማቅረብ የባለጉዳዩ ሥራ ነው። ከሳሽ ከላይ ወደ ታች ይላካል ብለው አምስት ሳምንት ጠበቁ።

መዝገቡ ሲንቀሳቀስ የኪራዩ አቤቱታ በመጀመሪያው ቀጠሮ ተሰማ። 1ኛ ተከሳሽ ኪራዩ መተዳደሪያዬ ነው ብለው ተቃወሙ። ችሎቱ የእሳቸውን ሩብ ድርሻ፣ በወር 5,000 ብር፣ እንዲወስዱ ትቶ ቀሪው 15,000 ብር በዝግ ሒሳብ እንዲገባ አዘዘ። ትእዛዙ ለአምስቱም ተከራዮች በስማቸው ተጽፎ ደረሳቸው። በመጀመሪያው ወር ሁለቱ ተከራዮች እንደ ልማዳቸው ለ1ኛ ተከሳሽ ከፈሉ። ትእዛዙ ከደረሳችሁ በኋላ ለሌላ የከፈላችሁት ከዕዳ ነጻ አያወጣችሁም ሲባሉ ከሁለተኛው ወር ጀምሮ አምስቱም ባንክ አስገቡ።

ከዚያ በኋላ የታየው ለውጥ የመዝገቡን ሁሉ ነገር ይናገራል። በሚቀጥለው ቀጠሮ ቀኑ ይቅረብልን ብለው ያመለከቱት የ1ኛ ተከሳሽ ጠበቃ ናቸው።

የይዞታ ማስረጃው በተቆረጠው ቀን አልመጣም። ኃላፊው እንዲቀርቡ መጥሪያ ወጣ፤ በሕግ አግባብ ተጠርቶ ያለ በቂ ምክንያት አለመቅረብ በወንጀል ሕጉ ቁጥር 448 እንደሚያስጠይቅም መጥሪያው ላይ ተጠቀሰ። ማኅደሩ ከቀጠሮው ሁለት ቀን አስቀድሞ በባለሙያ እጅ መዝገብ ቤት ደረሰ። ከአምስቱ ሱቆች ሁለቱ ያለ ፈቃድ የተሠሩ መሆናቸው የታወቀውም ያን ጊዜ ነው፤ ይህን በመጀመሪያው ዓመት ማንም ቢያውቅ ለሽምግልናው ራሱ ይጠቅም ነበር።

የመሐንዲሱ ሥራ ግን እንደታሰበው አልሄደም። ግቢው ለአራት ቢከፈል እያንዳንዱ ክፍል ከዝቅተኛው ስፋት በታች ስለሚሆን በዓይነት እንደማይከፈል ወዲያው ተረጋገጠ። ዋጋው ላይ ጭቅጭቅ ተነሣ። መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ስለሆነ የመሐንዲስ ግምት የሚያተኩረው በግንባታው ላይ ነው፤ ሲሚንቶ፣ ብረት፣ ቆርቆሮ፣ የእጅ ዋጋ እየተባዛ እርጅናው ይቀነሳል። ገዢ የሚከፍለው ግን መንገድ ዳር ስለሆነም ጭምር ነው። ከሳሽ ግምቱ አንሷል አሉ፤ ድጋሚ ይገመት ተባለ፤ በመሐሉ ነሐሴና መስከረም የፍርድ ቤቱ ዕረፍት ገባ። ችሎቱ በመጨረሻ የያዘው አቋም ትክክል ይመስለናል፦ ግምቱ ለሐራጁ መነሻ ብቻ ነው፣ ትክክለኛውን ዋጋ ተጫራች ያወጣዋል፣ ስለዚህ ለሦስተኛ ግምት አንቀጥርም። ይህን ከመጀመሪያው ተቃውሞ ላይ ቢል ኖሮ ሁለት ወር ይተርፍ ነበር።

የቀሩት ምስክሮች በሁለት ቀን ተሰሙ፤ ከተከራዮቹ አንዱ ስላልቀረቡ ከሳሽ ትተዋቸዋል። ፍርዱ መዝገቡ በተንቀሳቀሰ በስምንተኛው ወር ተሰጠ። ግቢው በስምምነት ካልተከፋፈለ በሐራጅ ይሸጥ፣ በዝግ ሒሳብ ያለው ገንዘብ ለሦስቱ ወራሾች ይከፈል፣ ያለፈው ኪራይ ከወጪ ጋር ተጣርቶ ይታሰብ የሚል ነው።

አፈጻጸሙ ላይ ሐራጁ ሳይወጣ ቀረ። 1ኛ ተከሳሽ ከባንክ ተበድረው የሦስቱን ድርሻ ለመግዛት ስለተስማሙ ስምምነታቸው በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 274 አካሄድ ቀርቦ ተመዘገበ። የመነሻ ዋጋውን የወሰዱት ከሁለተኛው ግምት ሲሆን፣ በላዩ ላይ በድርድር ጨምረውበታል። ያለ ፈቃድ የተሠሩት ሁለቱ ሱቆች በዋጋው ውስጥ በግማሽ ተቆጥረዋል፤ ፈቃድ የማውጣቱ ጣጣ የገዢው ነው።

ክርክሩ የቀጠለው ባለፈው ኪራይ ላይ ነው። በዝግ ሒሳብ ያልገባው የቀደሙት ዓመታት ገንዘብ ደረሰኝ የለውም። ተከራዮቹ የከፈሉት በእጅ ነው፤ ከአምስቱ ሁለቱ ሱቆች በዚያ ዘመን ሌላ ሰው ይዟቸው ነበር፤ 1ኛ ተከሳሽ ደግሞ የጣሪያ ጥገና፣ የውኃ መስመርና ግብር ከፍያለሁ ይላሉ፣ ካርኒ ያቀረቡት ግን ለግብሩ ብቻ ነው። አፈጻጸሙን የያዘው ችሎት ሒሳቡን የሚያጣራ ባለሙያ ሾሞ በምስክሮች ቃልና በካርኒዎቹ ላይ ተመሥርቶ ሪፖርት እንዲያቀርብ አዟል። ሪፖርቱ ቀርቦ ግራ ቀኙ አስተያየታቸውን በጽሑፍ እንዲሰጡበት ተቀጥሯል።